በመስቀለኛው መንገድ የቀረችው እኅት

ሲኒማ ሥራ ለፈታ ሰው የተፈጠረ ነው የሚሉ ሽማግሌዎች አሉ። እኔም ሽማግሌ ነኝ፤ ነገር ግን በዚህ ከእነርሱ ጋር አልስማማም። ጃፓናዊው ቴይኖሱኬ ኪኑጋሳ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1928 ዓ.ም. የሠራው «ጁጂሮ» ለዚህ ምስክሬ ነው፤ ትርጓሜውም መስቀለኛ መንገድ ማለት ነው። ፊልሙ ድምፅ የለውም። በዚያ ዘመን በጃፓን ቤንሺ የሚባል ተራኪ ከመጋረጃው አጠገብ ቆሞ ታሪኩን ያሰማ ነበር፤ ያለ ተራኪ ለሚያየውም ቢሆን ነገሩ አይሰወርበትም።

ታሪኩ በጥንቱ ኤዶ፣ በዛሬው ቶኪዮ፣ የሚኖሩ የሁለት ድኾች ነው፤ የወንድምና የእኅት። ወንድምየው ዮሺዋራ በተባለው የዝሙት ሰፈር ኦ ኡሜ የምትባል ሴት ወድዶ፣ ስለ እርሷ ሲጣላ ዓይኑ ላይ አመድ ተበተነበትና ታወረ። ባላጋራውንም የገደለ መሰለው። እኅቱ ኦኪኩ እርሱን ለማዳን ስትባዝን፣ ሹም ነኝ ባይ አታላይ የዕርዳታውን ዋጋ በገላዋ እንድትከፍል ፈለገ፤ እርሷም በቢላዋ ገደለችው።

ወጣት አንባቢዬ ሆይ፥ እዚህ ላይ አስተውል። ወንድም ሳይገድል ገደልሁ ብሎ ይሸበራል፤ እኅት ግን ስለ እርሱ ስትል በእውነት ገዳይ ሆነች። የእርሱ ጥፋት ሐሳብ ሆኖ ሲቀር፣ ዕዳው በእርሷ እጅ ላይ ደም ሆነ።

ተመልካች ሁሉ ኦኪኩን ያመሰግናል። እኔ ግን እንዲህ ያለውን ምስጋና እፈራዋለሁ። በመምህርነት ዘመኔ፣ ወንድሟ እንዲማር ብላ ከትምህርት የቀረችን ልጅ ሰዎች «እንዴት ያለች ደግ እኅት!» ሲሏት ሰምቻለሁ፤ አንቺስ ምን ትወጃለሽ ያላት ግን አልነበረም። ፊልሙም አይጠይቃትም። የወንድምየው ምኞት በሚሽከረከር መንኰራኵርና በሚያብረቀርቅ ፋኖስ ተሥሎ መጋረጃውን ይሞላዋል፤ እኅቲቱ ግን ከእርሱ መዳን በቀር ሌላ ምኞት ያላት አትመስልም። ነቀፌታዬ ይኸ ነው። በዮሺዋራ ከነበሩት ሴቶችም ብዙዎቹ ድኾች ወላጆቻቸው በዕዳ የሸጧቸው ነበሩ፤ ቤተ ሰብን መርዳት እዚያ ጥሏቸዋል። ፊልሙ ስለዚህ ዝም ይላል።

በመጨረሻው ላይ ግን ኪኑጋሳ አያባብለንም። ሁለቱ ሸሽተው መስቀለኛው መንገድ ላይ ሲደርሱ፣ ዓይኑ የበራለት ወንድም እኅቱን ትቶ ወደ ኦ ኡሜ ይመለሳል። ገደልሁት ያለው ሰው በሕይወት ከእርሷ ጋር ተቀምጧል። ይኸን አይቶ እዚያው ወድቆ ይሞታል። ኦኪኩ የሆነውን አታውቅም። መንገዱ በአራት በኩል ተከፍቶላታል፤ እርሷ ግን እርሱ በሄደበት በኩል ትመለከታለች።