እንዲህ ያለ ተዋናይ ነበረን!

«ቀይ ቅጠሎች»ን አያችሁት? ካላያችሁት ዛሬውኑ ፈልጉት! እኔ ፊልሙን ያየሁት እዚሁ ደብረ ታቦር፣ የጉና ብርድ አጥንት ድረስ በሚዘልቅበት በአንዱ ማታ ነው። ሲያልቅ ከመቀመጫዬ መነሳት አቅቶኝ እንደገና ከመጀመሪያው ከፈትኩት። ከዚያ ወዲህ ያገኘሁትን ሰው ሁሉ እጁን ይዤ የማወራው ስለ አርቲስት ደበበ እሸቱ ብቻ ነው። እንዲህ ያለ ተዋናይ ነበረን! እንዲህ ያለ ሥራ ተሠርቶስ ስንቶቻችን ነን ያየነው?

ፊልሙ በ2006 ዓ.ም. እስራኤል አገር ለዕይታ የበቃ ነው። ቤተ እስራኤላዊው ዳይሬክተር ባዚ ጌቴ ታሪኩን የወጠነው ከሼክስፒር «ንጉሥ ሊር» ተነስቶ ነው። እዚህ ግን ዙፋን የለም፣ የሚከፋፈል ግዛትም የለም። ከኢትዮጵያ ከወጣ 28 ዓመት የሆነው የ74 ዓመት አዛውንት ሚስቱ ትሞትበታለች። እሱም አፓርታማውን ይሸጥና ልጆቹ ዘንድ ሊኖር ይነሳል። በቃ፣ ታሪኩ ይኸው ነው! ከልጅ ወደ ልጅ ቤት ይሄዳል፤ በየደጃፉ የሚጠብቀው ግን የማያውቀው ኑሮ ነው። ልጆቹ የሰው አገሩን ወግ ለምደውታል፤ የልጅ ልጆቹ ደግሞ ከዚያ ሌላ ወግ አያውቁም። እሱ ይዞት የመጣው ሥርዓት አንድ ብቻ ነው፤ አባት ሲናገር የሚደመጥበት።

ደቡብ ጎንደር ያደግን ሰዎች ይህን አባት እናውቀዋለን። ፋርታ ውስጥ የትኛውም ቤት ግቡ፣ እዚያ አለ። ከደጅ ሲገባ ልጆች «ኖር!» ብለው ብድግ ይሉለታል፤ «በእግዜር» ብሎ መደቡ ላይ ከቦታው ይቀመጣል። ውኃ ቀርቦለት ይታጠባል፤ ማዕዱን ሳይባርክ ማንም እጁን አይሰድም። ቢርበውም አይጠይቅም፤ እስኪቀርብለት ይጠብቃል። ቅር ያለው ቀን አይጮህም፤ ጋቢውን ወደ ትከሻው ሰብሰብ አድርጎ ዝም ይላል። ያች ዝምታ ቤቱን ሁሉ ታስጨንቃለች። እናት ትጠይቃለች፣ ልጆች ይሯሯጣሉ፣ ሲብስም ጎረቤት ይጠራል። እንዲህ ያለ አባት ሥልጣኑ በዝምታው ውስጥ ነው።

አሁን ይህንኑ ዝምታ ማንም ልብ የማይለው ቤት ውስጥ አስቡት! ሽማግሌው ቅር ይለዋል፣ ዝም ይላል፣ የሚጠይቀው የለም። ጋሽ ደበበ ይህን እንዴት አድርገው እንደተጫወቱት ስናገር ድምፄ ይንቀጠቀጣል። ኩራቱንም፣ መከፋቱንም፣ አልፎ አልፎ የሚገነፍል ግትርነቱንም በዐይናቸው ብቻ ያሳዩናል። እንድናዝንለት አይለምኑንም። እንዲያውም ሽማግሌው የሚያናድድበት ጊዜ ብዙ ነው፤ ልጆቹን ያስቸግራል፣ እልኸኛ ነው፣ ጊዜው አልፏል ቢሉት አይሰማም። እሳቸውም አላለዘቡትም! ከነክፉ ጠባዩ አምጥተው ፊታችን ያስቀምጡታል፤ እኛም እየተናደድንበት እንወደዋለን። እንዲህ ዓይነት ድፍረት ያለው ተዋናይ ስንት አለ?

ደግሞ አስቡት፣ ጋሽ ደበበ መድረክ ያሳደጋቸው ሰው ነበሩ። ትወናን ሃንጋሪ ድረስ ሄደው የተማሩ፣ ዕድሜያቸውን ከቴአትር ቤት መጋረጃ ጋር ያሳለፉ። መድረክ ላይ ድምፅህ የመጨረሻው ወንበር ላይ ለተቀመጠው ሰው መድረስ አለበት፤ እጅህም ፊትህም ይተልቃል። ካሜራ ግን አፍንጫ ሥር መጥቶ ስለሚቆም የመድረኩን ያህል ከጮኽክበት ሁሉ ነገር ውሸት ይመስላል። ስንቱ ጎበዝ የመድረክ ተዋናይ ፊልም ላይ ሲቸገር አይተናል! እሳቸው ግን በሰባዎቹ ዕድሜያቸው ሁሉንም ዝቅ አድርገው፣ ቆጥበው፣ ሹክ በሚል መጠን ይጫወቱታል።

አላስችል ብሎኝ ወደ ኋላ ሄድኩና «ሻፍት ኢን አፍሪካ»ን አየሁ። 1965 ዓ.ም.! የሆሊውዱ ኤም.ጂ.ኤም. የሠራው፣ ጆን ጊለርሚን ያዘጋጀው፣ ሪቻርድ ራውንድትሪ ሻፍትን ሆኖ የሚተውንበት፣ ከፊሉ እዚሁ ኢትዮጵያ የተቀረጸ ፊልም ነው። ጋሽ ደበበ ዋሳ የተባለውን ሰው ሆነው ይጫወታሉ። ወጣት ናቸው፣ ቀልጣፋ ናቸው፣ በዓለም ከታወቀው ኮከብ ጎን ቆመው አንዲት ነገር አይጎድልባቸውም። ፊልሙ ራሱ የድብድብና የሽጉጥ ፊልም ነው፤ ብዙም አልመሰጠኝም። አንድ ነገር ግን ደነቀኝ። ታሪኩ አፍሪካውያንን እያታለሉ ለጉልበት ሥራ ወደ አውሮፓ ስለሚያሻግሩ የሰው ነጋዴዎች ነው። ከ41 ዓመት በኋላ ያው ተዋናይ ከአገሩ ወጥቶ በሰው አገር ያረጀውን ሰው ሆኖ ይመጣል! ይህን ማንም አስቦ ያቀናጀው አይመስለኝም፤ ግን ሁለቱን አከታትላችሁ ስታዩ የስደትን መጀመሪያና መጨረሻ በአንድ ሰው ፊት ላይ ታነባላችሁ።

በመካከሉ ያለፈውን ደግሞ የአገራችን ሰው ያውቀዋል። አብዮት መጣ፣ መንግሥት ተለወጠ፤ ጋሽ ደበበም ከ1997ቱ ምርጫ በኋላ ከቅንጅት አመራሮች ጋር ታሰሩ። የአማርኛ ፊልም በ1957 ዓ.ም. በ«ሂሩት አባቷ ማነው» ቢጀምርም ለብዙ ዓመታት በጣት የሚቆጠር ነበር። ሌላ አገር ቢወለዱ ኖሮ በእነዚያ ዓመታት ስንት ፊልም በሠሩ! እያልኩ እቆጫለሁ። ቢሆንም ያ ሁሉ ዓመት የትም አልጠፋም፤ በ«ቀይ ቅጠሎች» ሽማግሌ ፊት ላይ ተጠራቅሞ ይታያል። ሠላሳ ዓመት የሆነው ተዋናይ የቱንም ያህል ተሰጥዖ ቢኖረው፣ ሜካፕ ተቀብቶ ይህን ፊት ሊያመጣው አይችልም።

ስለዚህ የምለምነው አንድ ነገር ነው። ቡሄ ሲመጣ የደብረ ታቦር ልጅ ከያለበት ወደ አገሩ ይሰበሰባል። ዩኒቨርሲቲያችንም ይሁን ከተማው፣ የፊልሙን ባለቤቶች አስፈቅዶ በዚያ ሰሞን አንድ ሸራ ይወጥርና «ቀይ ቅጠሎች»ን ያሳየን። ሽማግሌዎቻችን ከፊት ይቀመጡ፣ ከውጭ የመጡት ልጆቻቸውና የልጅ ልጆቻቸው አጠገባቸው ይሁኑ። ወንበር የሚደረድር ሰው ካስፈለገ እኔ አለሁ።