ፈቃዱ ለየትኛው ትምህርት ነው?



ኢጃዛ ለቤት እንደማይሰጥ ከደረሳ ጋር ያደገ ሁሉ ያውቃል። ፊቅህ እንዲያቀራ የተፈቀደለት ሰው በዚያው ፈቃድ ተፍሲር ላቅራ ቢል «አንተ ከማን ቀራህ?» ይባላል። የኮሌጆችም ሕግ ከዚህ አይርቅም። የትምህርትና ሥልጠና ባለሥልጣን ለግል ኮሌጅ የሚሰጠው የእውቅና ፈቃድ ለስሙ አይደለም፤ ለየትምህርት መስኩ፣ ለየካምፓሱ፣ ለመደበኛውና ለርቀቱም ለየብቻው ነው።

ወላጅ የሚሰማው ግን ሌላ ነው። በእንጅባራ ወይም በዳንግላ ገበያ ድንች ወይም የዲከረንስ ከሰል ሸጦ ልጁን ሊያስመዘግብ የሄደ አባት «ኮሌጃችን እውቅና አለው» ይባላል። ቃሉ ውሸት ላይሆን ይችላል! ባሕር ዳር ላይ አካውንቲንግ ለማስተማር የተፈቀደለት ኮሌጅ ሌላ ከተማ ላይ የነርስነት ተማሪ ቢመዘግብ፣ እውቅናው እውነት፣ ምዝገባው ግን ሐሰት ነው። «ከውጭ አገር ዩኒቨርሲቲ ጋር እንሠራለን» የሚለውም ያው ነው፤ የሌላ ታላቅ ስም ፈቃድ አይተካም። በፊቅህ ትምህርታችን ሻጩ በእጁ የሌለውን፣ ገዥው ምንነቱን የማያውቀውን ነገር መሸጥ ገረር ይባላል፤ የተከለከለ ነው።

የአገሩም ሕግ ዝም አላለም። በ1952 የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 1704 በማታለል የተደረገ ውል እንዲፈርስ ይፈቅዳል፤ በቁጥር 1815 ተዋዋዮቹ ወደ ነበሩበት እንዲመለሱ ያዛል። ነገር ግን በቁጥር 1810 መሠረት ውሉን የሚያፈርሰው ምክንያት ከቀረ በኋላ በሁለት ዓመት ውስጥ ካልቀረበ ክሱ አይሰማም። ገንዘቡ ይመለስ ይሆናል። የልጂቱን አራት ዓመት የሚመልስ ዳኛ ግን ከየት ይመጣል?

ጥፋቱን ሁሉ በኮሌጆች ላይ መጫንም ፍትሕ አይሆንም። በ2002 ማብቂያ ትምህርት ሚኒስቴር የርቀት ትምህርትን በጅምላ አገደ፤ የግል ተቋማትንም የሕግና የመምህርነት ትምህርት እንዳያስተምሩ ከለከለ። የርቀቱ እገዳ ከወራት ድርድር በኋላ ቢላላም፣ ደህናውም ብልሹውም በአንድ ጅራፍ ተገርፏል። መስመሩ ሳይለይ የወረደ ቅጣት ተማሪውን እንጂ አጥፊውን አይነካም።

በ2015 በተሰጠው የመጀመሪያው የመውጫ ፈተና ከግል ተቋማት 72,203 ተማሪዎች ተቀምጠው ያለፉት 12,422 ናቸው። ከመንግሥት ተቋማት ከመቶ 62 ያህሉ አልፈዋል። ፈተናውን አልቃወመውም፤ ሚዛን ያስፈልጋል። ዳሩ ግን ይህ ሚዛን የሚቀመጠው እህሉ ተሸጦ፣ ገንዘቡ ተበልቶ ካለቀ በኋላ ነው። ባለሥልጣኑ ለየትኛው ኮሌጅ፣ በየትኛው ከተማ፣ ለየትኛው ትምህርት ፈቃድ እንደሰጠ በመዝገቡ ያውቃል። ታዲያ ያ ዝርዝር ምዝገባ ሳይጀመር በየወረዳው ትምህርት ጽሕፈት ቤት በር ላይ፣ በየመስጂዱና በየገበያው በአማርኛና በአገውኛ ቢለጠፍ ምን ይከብዳል?