ሐተታ ዘርዓ ያዕቆብ በመማሪያ ክፍል ውስጥ፤ ጥቂት ሂሳዊ አስተያየት

ባለፈው የትምህርት ዘመን አንድ እጩ መምህር የማስተማር ልምምድ ሲያደርግ ከክፍሉ ኋላ ተቀምጠን እንከታተል ነበር። የዕለቱ ትምህርት ሐተታ ዘርዓ ያዕቆብ ነበረ። መምህሩ በጥቁር ሰሌዳው ላይ ስድስት ነጥቦችን ጻፈ፤ የመጨረሻው ሰው የተነገረውን ሁሉ ሳይመረምር መቀበል የለበትም የሚል ነበር። ተማሪዎቹም ገለበጡት፤ በኅብረትም ደገሙት። አንዲት ተማሪ እጇን አውጥታ መጽሐፉን በእርግጥ ዘርዓ ያዕቆብ ስለ መጻፉ በምን እንደሚታወቅ ጠየቀች። መምህሩ «ይህ ለፈተና አይመጣም» ብሎ አለፈ።

ወጣቱን ለመውቀስ አይደለም፤ እንዲህ አድርጎ ያሠለጠነው የእኛው ኮሌጅ ነው። ነገር ግን ምርምርን የሚሰብክ ድርሰት ራሱ የማይመረመር ሆኖ ሲቀርብ ከድርሰቱ ምን እንደሚተርፍ መጠየቅ ይገባል።

መጽሐፉ እንደሚተርከው፣ ዘርዓ ያዕቆብ በ17ኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ በአክሱም መጻሕፍትን ያስተምር ነበር። ዘመኑ ዐፄ ሱስንዮስ የካቶሊክን ሃይማኖት የተቀበሉበትና ሕዝቡ የተከፈለበት ነው። መምህሩ አንድን ቃል ሲተረጉም ፈረንጆች እንዲህ ይላሉ፣ ግብጻውያን ደግሞ እንዲህ ይላሉ እያለ ሁለቱንም ያቀርብ ነበር እንጂ ይህ መልካም ነው፣ ያ ክፉ ነው አይልም ነበር። በዚህም በሁለቱም ወገን ተጠላ። በንጉሡ ፊት ሲከሰስ መዝሙረ ዳዊቱን ይዞ ሸሸ፤ ሁለት ዓመት ያህልም በዋሻ ኖረ። የሙሴን ሕግ፣ የእስልምናን ሕግ፣ ምንኩስናንና የባሪያ ንግድን በልቡናው ብርሃን መመዘን የጀመረው በዚያ ነው።

መምህራን ዋሻውን ይወዱታል። በእኔ ግምት ግን ከዋሻው ይልቅ ለሙያችን የሚበጀው ስለ አክሱም የማስተማር ዘዴው የሚናገረው አጭር ክፍል ነው። ዘዴው ከባዕድ የተገኘ አይደለም። የአንድምታ ትርጓሜ «አንድም» እያለ ብዙ ፍችን ጎን ለጎን ያኖራል፤ በቅኔ ቤትም የሌላውን ቅኔ ደግሞ የሚያቀርብ ተማሪ አይመሰገንም። (ዘርዓ ያዕቆብ ወደ ቅኔ የሄደው ድምፁ ጎርናና በመሆኑ በዜማ ትምህርት መሳለቂያ ሆኖ ነው። ዝቅተኛ ውጤት ያገኘ ተማሪ ሲያጋጥመን ይህን ብናስታውስ ይበጃል።) የቆየው ትምህርት ሁሉ ሽምደዳ ብቻ ነበር የሚለው አባባል ስለዚህ ግማሽ እውነት ነው።

በክፍል ውስጥ ፈጽሞ የማይነሣ ሌላ ነገር አለ። ዘርዓ ያዕቆብ በእንፍራዝ በሀብቱ ቤት ሲኖር በውጭ እንደ ሌላው ክርስቲያን እየታየ የልቡን ሐሳብ ይሰውር እንደ ነበር ራሱ ይናገራል። ድርሰቱንም የጻፈው በስተርጅናው፣ ደቀ መዝሙሩ ወልደ ሕይወት ስለ ለመነው ነው። ይህ ፍርሃት ነውን ወይስ ማስተዋል? ተማሪዎች ቢከራከሩበት ከስድስቱ ነጥቦች የበለጠ ያተርፋሉ።

ወደ ልጅቷ ጥያቄ እንመለስ። የድርሰቱን ቅጂዎች በ19ኛው መቶ ዓመት አጋማሽ ለአንቷን ዳባዲ ያቀበለው ኢጣሊያዊው ሚሲዮናዊ ጁስቶ ዳ ኡርቢኖ ነው፤ ዛሬ በፓሪስ ይገኛሉ። ኮንቲ ሮሲኒ እ.ኤ.አ. በ1920 ባወጣው ጽሑፍ ደራሲው ሚሲዮናዊው ራሱ ነው አለ። ክላውድ ሳምነር ደግሞ በ1970ዎቹ በአዲስ አበባ ባካሄደው ሰፊ ጥናት ይህን ተቃውሞ ድርሰቱ የዘርዓ ያዕቆብ ነው አለ። ክርክሩ ዛሬም አልተዘጋም። እኔ በበኩሌ የሳምነር ወገን ቢረታ ደስ ይለኛል፤ ደስታዬ ግን ማስረጃ ሊሆን አይችልም፤ እንዲያውም ፍርዴን እንድጠራጠር ያደርገኛል።

ይህን ለተማሪ መንገር የአገርን ክብር ይነካል የሚሉ ባልደረቦች አሉ። ክብሩ በመደበቅ የሚጠበቅ ከሆነ ተማሪው ነገሩን ከሌላ ሰምቶ ሲመጣ ምን እንለዋለን? በአክሱሙ መምህር ዘዴ፣ ኮንቲ ሮሲኒ እንዲህ ይላል፣ ሳምነር እንዲህ ይላል ብሎ ማቅረብ ይቻላል፤ ማመዛዘኑ ለክፍሉ ይተዋል። ለዚህ ግን ፈተናው አስቀድሞ መለወጥ አለበት። የእኛ ኮሌጅ ያለፈው ፈተና የጠየቀው የዘርዓ ያዕቆብን የልደት ዓመትና የደቀ መዝሙሩን ስም ነበር።