እናት ያላት ቤት አታጣም፦ ስለ አንድ የምሥራቅ ለንደን መጽሐፍ

ስለ ፈረንጅ ቤተሰብ እኛ ዘንድ የሚወራው ወሬ አጭር ነው። ልጅ አሥራ ስምንት ሲሞላው ከቤት ይወጣል፣ እናት ብቻዋን ታረጃለች፣ ጎረቤት ጎረቤቱን አያውቅም፣ በቃ። ይህን ወሬ የሚያምን ሰው ሁሉ አንድ ጊዜ ቢያነበው ብዬ የምመኘው መጽሐፍ አለ፤ ማይክል ያንግና ፒተር ዊልሞት የጻፉት «ቤተሰብና ዝምድና በምሥራቅ ለንደን»። የወጣው በ1957 ነው (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የምጽፈው)። ወሬውን ያፈርሳል፤ አንድ ምክንያቴ ይሄ ነው። ሌላው ደግሞ ደስ የሚል መጽሐፍ አንባቢውን እንዴት አድርጎ እንደሚያባብል እዚህ ላይ ቁልጭ ብሎ ስለሚታይ ነው።

ያንግ ተራ ተመራማሪ አልነበረም። የእንግሊዝ ሌበር ፓርቲ በ1945 ምርጫ ያሸነፈበትን ማኒፌስቶ ካረቀቁት ሰዎች ዋናው እሱ ነው። ፓርቲው መንግሥት ሆነ፣ ጡረታና ነፃ ሕክምና መጣ፣ ቤት በብዛት መሠራት ጀመረ። ያንግ ግን አንድ ነገር ከነከነው፦ እነዚህን ሁሉ ዕቅዶች የሚያወጡት ሰዎች ዕቅድ የሚወጣለትን ሰው ኑሮ ያውቁታል ወይ? በ1954 ምሥራቅ ለንደን፣ ቤትናል ግሪን ውስጥ፣ የማኅበረሰብ ጥናት ተቋም ከፈተ። ሰፈሩ የወደብ ሠራተኛ፣ የልብስ ሰፊና የእንጨት ሠራተኛ ሰፈር ነው። ዊልሞት ደግሞ ሚስቱንና ልጆቹን ይዞ እዚያው ገባ።

የዘመኑ ምሁራን ሰፊው ቤተ ዘመድ ከተማ ሲገባ ይሞታል ብለው ደምድመው ነበር። እነ ያንግ 933 ሰው አነጋግረው ያገኙት ተቃራኒውን ነው። እናታቸው በሕይወት ካለች ያገቡ ሴቶች ውስጥ ከግማሽ በላይ የሚሆኑት ባለፉት ሃያ አራት ሰዓታት ውስጥ እናታቸውን አይተዋል። በየቀኑ ማለት ነው! ልጅቱ ታገባለች፣ ሁለት መንገድ አለፍ ብላ ቤት ትይዛለች፣ ግን ቀኑ የሚውለው እናት ቤት ነው። ሻይ እዚያ ነው፣ ልጅ የሚጠበቀው እዚያ ነው፣ እህቶች የሚገናኙት እዚያ ነው። ባል ከሥራ ሲመለስ ሚስቱን ፍለጋ አማቱ ቤት ብቅ ይላል። መጽሐፉ ይህን ሲያወራ እንደ ጥናት አይደለም የሚያወራው። ደረጃው፣ ኩሽናው፣ ገበያ መሃል ቆማ ላለፈ ላገደመው ሁሉ ሰላምታ የምትሰጠው ሴትዮ፣ ሁሉም ገጹ ላይ ይታያሉ። የሶሺዮሎጂ መጽሐፍ ሆኖ እስከ ዛሬ መነበቡ በዚህ ይመስለኛል።

ለእኔ የመጽሐፉ ምርጥ ቦታ ግን ስለ ፍቅር የሚያወራው አይደለም፤ ስለ ኪራይ የሚያወራው ነው። አዲስ ተጋቢዎች ቤት የሚያገኙት እንዴት ነበር? እናት ለኪራይ ሰብሳቢው ታናግርላቸዋለች። (ኪራይ ሰብሳቢ ስል የቃሉን የድሮ ትርጉም ማለቴ ነው፤ በየሳምንቱ በር እያንኳኳ የቤት ኪራይ የሚቀበለውን ሰውዬ። የስብሰባ አዳራሹን ኪራይ ሰብሳቢ አይደለም።) እሷ ለዓመታት ኪራይ ሳታሳልፍ የከፈለች፣ ቤቱን በንጽህና የያዘች ናት፤ ስሟ ዋስትና ነው። በመንገዱ ላይ አንድ ቤት ሲለቀቅ «ልጄ ልታገባ ነው» ትለዋለች። አከራዩም ይጠቀማል፤ ከማያውቀው ሰው ይልቅ የምታውቃትን ሴት ልጅ ማስገባት ይሻለዋል። እናት ያላት ቤት አታጣም።

እዚህ ጋ ቆም በሉ። ያ ሁሉ የእናትና የልጅ መቀራረብ፣ ያ ሁሉ የደረጃ ላይ ጨዋታ፣ ሥሩ የት እንደነበር አያችሁ? ዝምድናው የቤት ቁልፍ ነበር። ደግሞም መድን ነበር። ባሎች ደመወዛቸውን ለሚስት በማይናገሩበት፣ ሥራ ዛሬ ኖሮ ነገ በሚጠፋበት ሰፈር፣ ሴት ልጅ ወልዳ የምትታረሰው፣ ገንዘብ ሲያጥራት የምትበደረው እናቷ ዘንድ ነው። ጸሐፊዎቹ ራሳቸው ይህን የሴቶች ቤተ ዘመድ ከሠራተኛ ማኅበር ጋር ያመሳስሉታል፤ ጥሩ ንጽጽር ነው። የሠራተኛ ማኅበር ግን ሰው የሚቋቋመው ስለሚዋደድ ብቻ አይደለም፤ ብቻውን ስለማይችል ነው።

የመጽሐፉ ሁለተኛ ክፍል ወደ ግሪንሌይ ይወስደናል። ስሙ የፈጠራ ነው፤ ቦታው ኤሴክስ ውስጥ ያለው ዴብደን ነው፣ የለንደን ማዘጋጃ ቤት ከጦርነቱ በኋላ ከከተማ ውጭ የሠራው የመኖሪያ መንደር። ቤቱ አዲስ፣ ሽንት ቤቱ ውስጥ፣ መታጠቢያው የራስ፣ ጓሮ አለው። ሰው ግን የለም። ቤትናል ግሪን ውስጥ ለ400 ሰው አንድ መጠጥ ቤት ሲኖር፣ ግሪንሌይ ውስጥ ለ5,000 ሰው አንድ ነው። ሚስቶች ከራሳቸውና ከባላቸው የቅርብ ዘመዶች ጋር በሳምንት 17 ጊዜ ገደማ ይገናኙ የነበሩት ወደ 3 ወረዱ። ቴሌቪዥኑ እጥፍ ሆነ። ጸሐፊዎቹ እዚህ ላይ አንድ ብልህ ነገር ያስተውላሉ፦ ሁሉም ሁሉን በሚያውቅበት ሰፈር ሰው የሚመዘነው በብዙ ነገሩ ነው፣ በቀልዱ፣ በቸርነቱ፣ በአባቱ ስም፤ ማንም ማንንም በማያውቅበት መንደር ግን የሚታየው መጋረጃና ዕቃ ብቻ ነው፣ ስለዚህ ፉክክሩ በመጋረጃና በዕቃ ይሆናል። በ1957 የተጻፈ ነው፤ ኢንስታግራም ላይ ብትለጥፉት ማንም አይጠረጥርም።

እንግዲህ ጸሐፊዎቹ የሚደርሱበት ድምዳሜ ቀላል ነው፦ ሰፈሩን አታፍርሱ፣ ሰውን አታንሱ፣ ቤቱን እዚያው አድሱት። የሚያባብለውም ይሄ ነው። ግን አንድ ጥያቄ አለ። ሰዎቹን ያስገደዳቸው ማን ነው? አብዛኞቹ ወደ ግሪንሌይ የሄዱት ቤቱን ፈልገው ነው። ለልጆቹ ነው ይላሉ፤ አየር፣ ጓሮ፣ ከጋራ ቧንቧ መገላገል። መጽሐፉ ይህን አይደብቅም፤ ግን እንደ መልስ አይቆጥረውም፣ አልፎት ይሄዳል። ታሪክ ጸሐፊው ጆን ሎውረንስ ከስልሳ ዓመት በኋላ የያንግን የመስክ ማስታወሻዎች መልሶ አንብቦ፣ በ2019 ባወጣው መጽሐፉ ውስጥ ሌላ ሥዕል አሳይቷል። ዘመድ የሰለቻቸው፣ የጎረቤት ዓይን የከበዳቸው፣ በራቸውን ዘግተው በሰላም መኖር የሚሹ ሰዎች እዚያው ቤትናል ግሪን ውስጥ ነበሩ። ድምፃቸው ማስታወሻው ላይ አለ፤ መጽሐፉ ላይ ሲደርስ ግን ሳስቷል።

ያንግ ለምን እንዲህ አዳመጠ? ልጅነቱን በአውስትራሊያና በእንግሊዝ መካከል ተንከራቶ፣ ወላጆቹ ተለያይተው ያደገ ሰው ነው። ይህን ሳውቅ የመጽሐፉን ሙቀት በሌላ ዓይን አየሁት። የሌላ ሰው እናት ኩሽና መስኮት ላይ ቆሞ የሚያይ ልጅ አለ እዚያ ውስጥ። ውበቱም ከዚያ ነው የመጣው፣ መጋረዱም።

ሌላው ችግር የታሪክ ነው። መጽሐፉን ስታነቡ ይህ ኑሮ ከጥንት የመጣ፣ ከገጠር የተረፈ ይመስላችኋል። ፒተር ላስሌት በ1965 «የጠፋብን ዓለም» ሲያወጣ፣ ከዚያም ጓደኞቹን ይዞ መቶ የእንግሊዝ መንደሮችን መዝገብ ሲቆጥር፣ ከ1574 እስከ 1821 ድረስ የአንድ ቤት አማካይ የሰው ቁጥር አምስት እንኳ የማይሞላ፣ 4.75 ሆኖ ተገኘ። አያት፣ ልጅ፣ የልጅ ልጅ በአንድ ጣሪያ ሥር የሚኖሩበት ያ ትልቅ የጥንት ቤት፣ ቢያንስ እንግሊዝ አገር፣ ብዙም አልነበረም። ማይክል አንደርሰን ደግሞ በ1971 ፕሬስተን የተባለችውን የጥጥ ፋብሪካ ከተማ አጥንቶ፣ ፋብሪካው ዘመድን እንደበተነ ሳይሆን እንዲያውም እንዳሰባሰበ አሳየ፤ እናት ፋብሪካ ስትውል ልጅ የሚጠብቅ አያት ያስፈልጋላ። እና የቤትናል ግሪኗ እናት የጥንት ቅርስ አይደለችም። የከተማ፣ የኪራይ ቤትና የድህነት ልጅ ናት።

ይሄ የምሁራን ጭቅጭቅ ብቻ ቢሆን አልጽፈውም ነበር። ግን ያቺ «ታናግርላቸዋለች» የምትለዋ ቃል በኋላ ምን እንዳመጣች ተመልከቱ። በ1970ዎቹ የባንግላዴሽ፣ በተለይ የሲልሄት ሰዎች ቤተሰቦቻቸውን ወደ ምሥራቅ ለንደን አመጡ። በ1977 የወጣው ሕግ ማዘጋጃ ቤቶች ልጅ ያለውን ቤት አልባ እንዲያስጠልሉ አስገደደ። ቤት የሚሰጠው በችግር መጠን ሆነ እንጂ በእናት ስም አይደለም። በ1980ዎቹ የአካባቢው ምክር ቤት ለነባር ነዋሪ ልጆች ቅድሚያ የሚሰጥ አሠራር አመጣ። ሲሰሙት የሚያምር ነገር ነው፤ ልጅ ከእናቱ አጠገብ ይኑር ነው የሚለው። ነባሩ ነዋሪ ግን በአብዛኛው ነጭ ነው። እናቱ እዚያ ያልኖረች ሰው ወረፋው መጨረሻ ላይ ይቀራል። በመስከረም 1993 አንድ ግልጽ ዘረኛ ፓርቲ እዚያው ደሴት መሰል የወደብ ሰፈር ውስጥ የምክር ቤት ወንበር አሸነፈ፤ የቅስቀሳው እምብርት የቤት ጉዳይ ነበር። ያንግ ከሞተ በኋላ በ2006 በእሱና በሁለት ባልደረቦቹ ስም የወጣው ሁለተኛው የምሥራቅ ለንደን መጽሐፍ ለነባሮቹ ቅሬታ ብዙ ገጽ ይሰጣል፤ ብዙ ሰውም ተቆጥቶበታል። እኔ ሁለቱን አከታትዬ ሳነብ የሚቆጨኝ ሌላ ነው፦ የሁለተኛው ምሬት ከመጀመሪያው ናፍቆት ውስጥ ነው የወጣው። ዘመድ ያለው ቤት ሲያገኝ፣ ዘመድ የሌለው የት ይሂድ? የ1957ቱ መጽሐፍ ይህን አልጠየቀም።

እኛ ይህን ጥያቄ በደንብ እናውቀዋለን፤ ያለ ዘመድ ጉዳይ የማይሞላበት አገር ልጆች ነን። ኮንዶሚኒየም በዕጣ ይሁን ሲባል ሐሳቡ ዘመድ የሌለውም እንዲደርሰው ነበር። አክስቴ ከመሃል ከተማ የቀበሌ ቤት ተነስታ ዳር ያለ ኮንዶሚኒየም ከገባች ዓመታት አልፈዋል። እስከ ዛሬ እሑድ እሑድ ሁለት ታክሲ ይዛ የድሮ እድሯ ትሄዳለች። የድሮ ሰፈሯን ስታነሳ እንባዋ ይመጣል። ወደ ድሮው ቤት ትመለሺ ወይ ብዬ ስጠይቃት ግን «እዚያ ሽንት ቤት? ምን በወጣኝ!» አለችኝ። ያንግ ቢያነጋግራት እንባውን ይጽፍ ነበር። ሁለተኛውን መልሷን የት ያደርገው ይሆን እያልኩ አስባለሁ።

መጽሐፉን ካገኛችሁት ኪራይና ቤት ስለማግኘት የሚያወራውን ምዕራፍ አስቀድሙ፣ ከዚያ ወደ እናቶቹ ተመለሱ። የሎውረንስንም ጎን ለጎን ያዙት። የግሪንሌይን ክፍል ስታነቡ ደግሞ አንድ ነገር ልብ በሉ፦ ብቸኝነታቸውን የሚናገሩት ሴቶች የሚናገሩት በአዲሱ ቤታቸው ውስጥ ተቀምጠው ነው፤ ቧንቧው የራሳቸው፣ ልጆቹም ጓሮ ወጥተው።