ውዳሴ ለባሕረ ሐሳብ፣ ጊዜያትን በየስማቸው ለሚጠራ

ባሕረ ሐሳብ ሆይ፣ የአዝማናት መዝገብ፣ የአውራኅ መጋቢ፣ የፀሐይና የጨረቃ ዐራቂ፣ የክረምትና የሐጋይ ዐቃቤ ኆኅት! ዕለትን ከዕለት ሳታጋጭ የምታሰልፍ፣ ዓመትን ከዓመት ሳታዛንፍ የምታሸጋግር፤ ለንጉሥም ለገባርም፣ ለጳጳስም ለዐራሽም በአንዲት ልክ የምትሰፍር፤ ከግርማህ ፊት ቆመን ስምህን እናከብራለን።

ምድረ ዳሞት ታውቅሃለች። የዓባይ ምንጭ በሚፈልቅበት በግሽ ደጋ፣ ፈጣም በሚወርድበት በቡሬ አድያም፣ በፍኖተ ሰላም ሜዳና ተረተር ሁሉ፣ አንተ ሳትነገር የሚከፈት ዓመት፣ አንተ ሳትፈቅድ የሚገባ ጾም የለም። የዋሸራና የጎንጅ የቅኔ ጉባኤያት በተተከሉባት በዚህች በጎጃም ምድር፣ ለምድ ለባሹ ደቀ መዝሙር አኰፋዳውን ከራስጌው አኑሮ፣ ብራናና ቀለም በሌለበት ሌሊት፣ በጣቶቹ አንጓ ላይ ይደግምሃል። በእኔ በወዳሹ ዓይን ከዙፋኖችህ ሁሉ የሚልቀው ያ የምስኪን ተማሪ መዳፍ ነው።

በልበ ወለድ የሚወሱ ጠቢባነ ሥራይ በአንዲት ድግምት ክረምቱን ይሽራሉ፣ በአንዲት እፍታ በጋውን ያነግሣሉ፤ ያለፈውን ዘመን ይመልሳሉ፣ የሚመጣውን ያስቀድማሉ። ዝናቸው ከተረቱ ጋር ይኑር። አንተ ጊዜን ሳታስገድድ ታዝዛለህ፣ ወቅትን ሳታፈርስ ትገዛለህ፤ ያለ ጢስና ያለ ደም፣ ያለ ስውር ስምና ያለ ጨለማ፣ በዐውደ ምሕረት በገሃድ ትነገራለህ።

ጥንተ ነገርህም በፍሬ ታተመ። ትውፊት እንደሚያወሳው፣ የእስክንድርያው ሊቀ ጳጳሳት ዩልያኖስ ሊያርፍ በተቃረበ ጊዜ፣ የወይን ዘለላ ይዞ የሚመጣው ሰው ወንበሩን እንደሚወርስ ተነገረው። ድሜጥሮስ ገበሬው ያለ ወራቱ ያፈራውን ዘለላ ከአጸደ ወይኑ ቆርጦ ገባ፤ 12ኛው ሊቀ ጳጳሳት ሆኖም ተሾመ። ፊደል ያልቈጠረውን ዐራሽ የመረጥህ አንተ፣ ምርጫህ ምንኛ ክቡር ነው! እርሱም አጽዋማትና በዓላት ከዕለታቸው እንዳይፋለሱ ሽቶ፣ ከመዓልቱ 23፣ ከሌሊቱ 7 ሱባዔ ገባ። 23ቱ በ7 ሲባዙ 161 ሆኑ፤ በ30 ተገድፈው 11 ተረፉ፣ አበቅቴም ተገኘ። 7ቱ በ7 ሲባዙ 49 ሆኑ፤ በ30 ተገድፈው 19 ተረፉ፣ መጥቅዕም ተገኘ። ሁለቱ ክቡራን በየዓመቱ አንዱ ሲያድግ ሌላው ያንሳል፣ አንዱ ሲወርድ ሌላው ይወጣል፤ ድምራቸው ግን 30 ሆኖ ይኖራል።

አራቱን ክፍላተ ዓመት በአራቱ ማዕዘን ታቆማለህ። ከመስከረም 26 ጀምሮ መፀውን ታነግሣለህ፤ ያን ጊዜ ጽጌው ያብባል፣ ጤፉ ወደ ነዶ፣ በቆሎው ወደ ጎታ ይጓዛል፣ የቡሬም በርበሬ በማሳው ላይ እንደ ፍም ይቀላል። ከታኅሣሥ 26 ጀምሮ ሐጋይን፣ ከመጋቢት 26 ጀምሮ ፀደይን ታስገባለህ። ከሰኔ 26 ጀምሮ ክረምት በነጐድጓድ ይሰየማል፤ ሰማይ ይዘጋል፣ ፈጣም ደፍርሶ ይሞላል፣ ምድር ዘርዋን ይዛ ትሰወራለች።

በርእሰ ዐውደ ዓመት፣ በመስከረም 1 ቀን፣ ሊቁ በዐውደ ምሕረት ቆሞ ሲያበስርህ የሰማ ግርማህን የሰማ ነው። አውራ ጣቱ ከአንጓ ወደ አንጓ ይሸጋገራል፣ ከንፈሩ በዝግታ ይንቀሳቀሳል። 5500ውን ዓመተ ፍዳ ከ2018 ዓመተ ምሕረት ጋር ያስተባብራል፤ ዓመተ ዓለም 7518 ይሆናል። በ4 ሲገደፍ 2 ይተርፋልና ዘመኑ ዘመነ ማርቆስ ይባላል። በ19 ሲገደፍ 13 ይተርፋል፤ አንዱ ስለ ዘመን ሲተው ወንበር 12 ሆኖ ይቀመጣል። ከወንበሩም አበቅቴ 12፣ መጥቅዕ 18 ይወጣሉ። በዓለ መጥቅዕም መስከረም 18 በእሑድ ይውላል፤ የእሑድ ተውሳክ 7 ሲጨመር መባጃ ሐመር 25 ይሆናል። እነሆ፣ ነነዌ ጥር 25 በሰኞ ትገባለች፤ ትንሣኤም ሚያዝያ 4 ይነግሣል። ገና አደይ ሳይረግፍ የሚያዝያው ፋሲካ በሊቁ መዳፍ ውስጥ ገብቷል!

ባሕር ማዶም ክብርህን አልሸሸገም። ኦቶ ኖይገባወር የኢትዮጵያን ሥነ ፈለክና ሐሳበ ዘመን የመረመረበትን መጽሐፍ በ1979 እ.ኤ.አ. በቪየና አሳተመ፤ የእኛው ሊቅ ጌታቸው ኃይሌም በስደት ምድር በአሜሪካ ሳሉ፣ ስምህን አርእስት አድርገው የዘመን ቆጠራ ቅርሳችን ሲሉ በአማርኛ ጻፉልህ። 19ኙ ንኡስ ቀመር፣ 76ቱ ማኅተም፣ 532ቱ ዐቢይ ቀመር የአንተ አክሊላት ናቸው፤ 532 ዓመት በተፈጸመ ጊዜ ሁሉ ፀሐይና ጨረቃ፣ ዕለትና ወንጌላዊ ወደ ተነሡበት ይመለሳሉ፣ አንተም ሳትደክም እንደገና ትጀምራለህ።

ማርቆስ ሲያልፍ ሉቃስን ትጠራለህ። በ2019 ወንበሩን 13፣ አበቅቴውን 23፣ መጥቅዑን 7 ታደርጋለህ፤ መጥቅዕ ከ14 አንሷልና በዓለ መጥቅዕን ወደ ጥቅምት ታሻግራለህ። ነነዌን እስከ የካቲት 15 ታቆያለህ፣ ትንሣኤን በሚያዝያ 24 ታነግሣለህ፣ ለሉቃስም ስንብት 6ኛዋን የጳጉሜን ዕለት ትመርቅለታለህ።