ጅብና ከተማ፤ ስለ አንድ መጽሐፍ የቀረበ ምርመራ

የአገራችን ሰው «ጅብ በማያውቁት አገር ሄዶ ቁርበት አንጥፉልኝ አለ» ይላል። ተረቱ በሚያውቁት አገር ለጅብ ቁርበት የሚያነጥፍ እንደሌለ ቈጥሮ የተነገረ ነው። ማርከስ ቤይንስ ሮክ የተባለው ተመራማሪ ግን እንደ ኤውሮፓ አቈጣጠር በ2015 ዓ.ም. «በአጥንት በላተኞች መካከል» ብሎ ባሳተመው መጽሐፍ ጅብን እያወቁት የሚያስተናግዱትን የሐረርን ሰዎች ያሳየናል።

ደራሲው ነገሩን በሩቅ ሰምቶ አልጻፈም። ሌሊት ሌሊት በጀጎል ጠባብ መንገዶች ጅቦቹን እየተከተለ፥ መልካቸውንና ጠባያቸውን አንድ በአንድ እስኪለይ ድረስ አብሮአቸው ዋለ አደረ። በግንቡ ሥር ጅብ የሚገባባቸው ቀዳዳዎች እንዳሉ፥ በአሹራ በዓልም ገንፎ በቅቤ እንደሚቀርብላቸው፥ ሕዝቡም ጅብ ክፉ መንፈስን ይበላል ብሎ እንደሚያምን ይተርካል። የመጽሐፉ ውበት ይህ ነው፤ በተረታችን ዘወትር ሆዳምና ሞኝ የሆነው አያ ጅቦ በዚህ ጎረቤት ሆኖ ይታያል።

ነገር ግን ፍቅር ሚዛንን ያዘነብላል። ጅብ በደራሲው ዘንድ ወዳጅ ነው፤ በአህያው እህልና እንጨት አመላልሶ ለሚኖር ድኻ ግን ወዳጅ አይባልም። ስለዚህ ግደይ ይርጋና ባልንጀሮቹ እንደ ኤውሮፓ አቈጣጠር በ2012 ዓ.ም. ያወጡትን ጥናት ከመጽሐፉ ጋራ አብሮ ማንበብ ይገባል። እነርሱ በትግራይ የጅብ ኩስ ሰብስበው በውስጡ የተገኘውን ፀጕር መረመሩ። የአህያ ፀጕር ድርሻ ከዐቢይ ጾም በፊት ከመቶ 14.8 ነበረ፤ በጾሙ ወራት 33.1 ደረሰ፤ ከፋሲካ በኋላ ወደ 22.2 ወረደ። ምእመናን 55 ቀን ከሥጋ ሲከለከሉ በየጕድፉ የሚጣለው አጥንት ይጐድላል፤ ጅብም ጾም አያውቅምና ፊቱን ወደ አህያ ይመልሳል።

እንግዲህ ሐረር ጅብን በፈቃዷ ታበላለች፤ ሌሎች ከተሞቻችን ሳያስቡት ያበሉታል። ልዩነቱ ዋጋውን የሚከፍለው ማን እንደ ሆነ ማወቅ ነው። በሐረር ሥጋውንና ገንፎውን የሚሰጠው ሰው ወድዶ ይሰጣል፤ በሌላው ከተማ ግን ብዙ ጊዜ የሚከፍለው በረት የሌለው ባለ አህያ ነው። መጽሐፉ ይህን ጥያቄ ከሐረር ግንብ ውጭ አውጥቶ ቢከታተለው ኖሮ ይበልጥ በከበረ ነበር። የሆነ ሆኖ በመርጡለ ማርያምም ሆነ በሞጣ ያለ አንባቢ ቢያነበው ይጠቀማል፤ ካነበበም በኋላ ዐቢይ ጾም ከመግባቱ በፊት የጎረቤቱ አህያ የት እንደምታድር ይጠይቅ።