ሁለት ንግሥታት በአንድ መንገድ ግራና ቀኝ፦ ስለ አክሱም ጉብኝት የቀረበ ሂስ

ከትምህርት ጉዞ በኋላ ተማሪዎች የሚጽፉት ዘገባ ስለ ተማሪዎቹ ትጋት ብቻ ሳይሆን ጉዞውን ስላዘጋጁት መምህራንም ይመሰክራል። በ2010 ዓ.ም. ሃያ ሁለት እጩ መምህራንን ይዘን ወደ አክሱም ሄደን ነበር። ስንመለስ የተረከብናቸው ሃያ ሁለት ዘገባዎች አንድ ሰው የጻፋቸው ይመስሉ ነበር። የወደቀው ታላቁ ሐውልት 33 ሜትር ያህል ርዝመት እንዳለው፣ ክብደቱም 520 ቶን እንደሚገመት፣ ከሮም የተመለሰው ሐውልት ቁመቱ 24 ሜትር እንደሚደርስ፣ ከከተማው በስተምዕራብም የንግሥተ ሳባ ቤተ መንግሥት እንዳለ ሁሉም ጽፈዋል። በሐውልቶቹ ላይ የተቀረጸው ምን እንደሆነ የጻፈ ግን አንድም አልነበረም። የሚበልጡት «ጌጥ» ብለው አልፈውታል። ጥፋቱ የእነርሱ ሳይሆን የእኛ መሆኑን ለማመን ጥቂት ጊዜ ወሰደብን።

በተከታዩ ዓመት፣ በ2011 ዓ.ም.፣ ሌሎች እጩ መምህራንን ይዘን ያለ አስጎብኚ ተመልሰን ሄድን። ይህ ጽሑፍ ሁለቱን ጉብኝቶች ጎን ለጎን አድርጎ ይመረምራል። (ሁለቱም ጉዞዎች እ.ኤ.አ. በ2020 ከጀመረው ጦርነት በፊት የተደረጉ ስለሆኑ፣ ስለ መንገድና ስለ ማረፊያ መረጃ የሚፈልግ አንባቢ ከሌላ ቦታ ይጠይቅ። ከራሳችን ጉዞ በስተቀር ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ግለ ሂሱ ይቅደም። በመጀመሪያው ጉዞ ምንም አልተዘጋጀንም። ትኬት ቆርጠን፣ አስጎብኚ ይዘን፣ ኃላፊነቱን ሁሉ በእሳቸው ትከሻ ላይ ጣልን። እሳቸውም የከተማው ተወላጅና አንደበተ ርቱዕ ሰው ነበሩ፤ ይሁን እንጂ ግማሽ ቀንና ሃያ ሁለት ሰው ሲሰጣቸው ሁሉም ሰው ከሚጀምርበት፣ ማለትም ከሐውልቶቹ ሜዳ ጀመሩ። ከዚያ ወደ ጽዮን ማርያም፣ ከዚያ ወደ ማይ ሹም፣ በመጨረሻ ሁሉም ሲደክመው በመኪና ወደ ዱንጉር። ይህ ቅደም ተከተል ነው ስሕተቱ። ጎብኚው ከሁሉ የሚበልጠውንና የተጠናቀቀውን ሥራ አስቀድሞ ያያል፤ አፉን ከፍቶ ይደነቃል፤ የተደነቀ ሰው ደግሞ ብዙ አይጠይቅም። ዱንጉር ሲደርስ የሚያየው ከወገብ ያልዘለለ የድንጋይ ግድግዳ ስለሆነ፣ ሊያስታውሰው የሚችለው ስሙን ብቻ ነው።

በሁለተኛው ጉዞ መንገዱን ገለበጥነው። ከከተማው በስተምዕራብ አራት ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ ከሚገኘው ከጎበድራ ኮረብታ ጀምረን፣ በዚያው መንገድ በእግራችን ወደ ምሥራቅ ወደ ከተማው ተመለስን። ጎበድራ ሐውልቶቹ የተፈለጡበት የድንጋይ ካባ ነው። በዓለቱ ላይ የተቀረጸችው አንበሳም እዚያው አካባቢ ስላለች አብዛኛው ጎብኚ እርስዋን አይቶ ይመለሳል። እኛ የፈለግነው ግን ሽብልቅ የሚገባባቸውን ጉድጓዶች ነበር። በዓለቱ ላይ አራት ማዕዘን ትናንሽ ጉድጓዶች እንደ ስፌት በመስመር ተደርድረው ይታያሉ፤ ድንጋይ ጠራቢው በእነዚህ ውስጥ ሽብልቅ እየመታ ዓለቱን በፈለገው መስመር ይሰነጥቀዋል። አንዳንዱ መስመር ተጀምሮ የቀረ ነው። ሠራተኛው ለምን እንደተወው አይታወቅም፤ ነገር ግን እጁ የት ላይ እንደቆመ በጣት መንካት ይቻላል። ስለ አክሱም ነገሥታት ከምናውቀው ይልቅ ስለ አክሱም ሠራተኞች የምናውቀው እጅግ ያነሰ ነው፤ በክፍል ውስጥም ስለ እነርሱ አንድ ቃል ሳንናገር ዓመቱ ያልቃል። እጩ መምህራኑ ከካባው እስከ ከተማው ያለውን መንገድ በፀሐይ ሲሄዱ፣ 520 ቶን የሚለው ቁጥር ለመጀመሪያ ጊዜ ትርጉም ያገኘ መሰለን። አንዷ ጫማዋን አውልቃ ከመንገዱ ዳር ተቀምጣ «በምን ጎተቱት?» አለች። በአንደኛው ጉዞ ይህን የጠየቀ አልነበረም።

ዱንጉር በዚሁ መንገድ ዳር ነው። ፍርስራሹን ፈረንሳዊው አርኪዮሎጂስት ፍራንሲስ አንፍሬ ከ1966 እስከ 1968 ቆፍሮ አወጣው፤ ቀደም ሲል ደግሞ በኤርትራ መጠራ ላይ የዚህ ዓይነት ቤቶችን ቆፍሮ ነበር። ሃምሳ ያህል ክፍሎች አሉት። መሐል ላይ ከፍ ባለ መሠረት የቆመ ዋና ቤት፣ ወደ እርሱ የሚያስወጡ ደረጃዎች፣ በዙሪያው ግቢ፣ ከግቢው ውጭ ደግሞ የአገልግሎት ቤቶች። እዚህ ላይ ለእጩ መምህራኑ አንድ ሥራ ብቻ ሰጠናቸው፦ አንዱን የውጭ ግድግዳ ከላይ እንደሚታይ አድርጋችሁ በደብተራችሁ ሣሉ። ከጥቂት ደቂቃ በኋላ ግድግዳው ቀጥ ያለ አለመሆኑን ሁሉም አስተዋሉ። አንዴ ወደ ውጭ ይወጣል፣ አንዴ ወደ ውስጥ ይገባል፤ መሠረቱም ወደ ላይ ሲሄድ በደረጃ በደረጃ እየጠበበ ነው። ይህን ሥዕል እንዲጠብቁት ነገርናቸው።

የከበደው ነገር የመጣው ከዚህ በኋላ ነው። ዱንጉር የተሠራው ከክርስቶስ ልደት በኋላ በስድስተኛው ምዕተ ዓመት ገደማ መሆኑን ስንናገር፣ የዚያው አካባቢ ተወላጅ የሆነ አንድ እጩ መምህር እጁን አወጣ። «መምህር፣ እናቴ ይህ የንግሥቲቱ ቤት ነው ብላ ነው ያሳደገችኝ። አሁን ክፍል ገብቼ እናቴ ዋሽታለች ልበል?» አለ። እኛም ንግሥተ ሳባ ከነበረችበት ከሰሎሞን ዘመን እስከዚህ ቤት ድረስ አንድ ሺህ አምስት መቶ ዓመት ያህል እንዳለ ቆጥረን አሳየነው። ሒሳቡ ልክ ነበር፤ መልሱ ግን ልክ አልነበረም። ልጁ የጠየቀው ስለ ዓመት አልነበረምና። አንገቱን ደፍቶ ዝም አለ፤ እኛም በቃ አበላሸነው ብለን አሰብን።

ነገሩን የፈታው መንገዱ ነው። ከዱንጉር ፊት ለፊት፣ ከመንገዱ ማዶ፣ በእርሻ መካከል የቆሙና የወደቁ ያልተጠረቡ ድንጋዮች አሉ። ሰው ሁሉ የጉዲት ሐውልቶች ይላቸዋል። ዮዲት ጉዲት የምትታወቀው በአሥረኛው ምዕተ ዓመት ገደማ ነው፤ ድንጋዮቹ ግን ከዚያ በፊት በብዙ መቶ ዓመታት፣ በመጀመሪያዎቹ የአክሱም ዘመናት የቆሙ የመቃብር ምልክቶች ናቸው። ያው ልጅ መሐል መንገድ ላይ ቆሞ አንዴ ወደ ግራ አንዴ ወደ ቀኝ ተመለከተ፤ «እንግዲህ በዚህ በኩል ስሙ ከቤቱ ይቀድማል፤ በዚያ በኩል ድንጋዩ ከስሙ ይቀድማል» አለን። እኛ ይህን መንገድ ሦስት ጊዜ አልፈንበታል፤ አላየነውም ነበር። ሁለት ንግሥታት፣ አንዲቱ የከበረች አንዲቱ የተፈራች፣ በአንድ መንገድ ግራና ቀኝ ተሰጥተዋል፤ ሁለቱም ስሞች ከድንጋዩ ዕድሜ ጋር አይገጥሙም፤ ሁለቱንም ያኖራቸው ያው ሕዝብ ነው። በኋላ ባቀረበው ዘገባ ሦስት ዓምድ ያለው ሠንጠረዥ ሠርቶ፣ በአንደኛው የቦታውን ስም፣ በሁለተኛው ስሙን የሚናገረው ማን እንደሆነ፣ በሦስተኛው የድንጋዩን ዕድሜ አስፍሯል። ማይ ሹምንም የንግሥተ ሳባ መታጠቢያ ተብሎ ስለሚጠራ ጨምሮታል። በሁለተኛው ዓምድ «እናቴ» የሚል ቃል ሁለት ጊዜ ተጽፎ ይገኛል፤ በአሥራ አራተኛው ምዕተ ዓመት በግዕዝ የተዘጋጀው ክብረ ነገሥትም ከእናቱ ቀጥሎ ተጠቅሷል። እኛ ይህን ሠንጠረዥ ከዚያ ወዲህ በየዓመቱ እናስተምርበታለን።

ከሰዓት በኋላ ሐውልቶቹ ሜዳ ስንደርስ አላብራራንም። ደብተራችሁን አውጡ ብቻ አልናቸው። በቆመው ሐውልት ላይ ከታች በር አለ፤ የበሩ መቆለፊያ ሳይቀር ተቀርጿል። ከበሩ በላይ መስኮቶች ደርብ በደርብ ይሄዳሉ፤ ገጹም እንደ ዱንጉር ግድግዳ አንዴ ወጣ አንዴ ገባ ይላል። በደርብና በደርብ መካከል የተደረደሩት ክብ ጉብታዎች ደግሞ የአግዳሚ እንጨቶች ጫፍ ናቸው፤ ሊቃውንት የዝንጀሮ ራስ ይሏቸዋል። የአክሱም ግንበኛ በድንጋዩ መካከል እንጨት እያስገባ ግድግዳውን ያስር ነበር፤ ዱንጉር ላይ የሚታየን ድንጋዩ ብቻ ነው፤ ሐውልቱ ግን እንጨቱንም በድንጋይ ቀርጾ አቆይቶልናል። ሐውልቱ የቤት ምስል ነው ማለት ነው። መግቢያ የሌለው፣ ውስጡ ድፍን፣ ለሙታን የቆመ ቤት። ታላቁ ሐውልት አሥራ ሦስት ደርብ አለው። እንዲህ ያለ ረጅም ቤት በከተማው ነበረ ወይ ተብለን ተጠይቀናል፤ እስከ ዛሬ በቁፋሮ የተገኘ የለም። ቀራጩ የሚያውቀውን ቤት ወስዶ እላይ በላይ ደራረበው እንጂ የነበረ ቤት አልለካም። ሌላው ወጣት ደግሞ እስከ ዛሬ ያልወደቀውን ሐውልት ዞሮ ጀርባው ምንም እንዳልተቀረጸበት አገኘ፤ ታላቁና ከሮም የተመለሰው ግን በአራቱም ጎን የተቀረጹ ናቸው። በአንደኛው ጉዞ ከጀርባው የዞረ ሰው ትዝ አይለንም።

ያለ አስጎብኚ መጎብኘት ግን ያለ ዝግጅት መጎብኘት ማለት እንዳይመስል። በ1906 በኤኖ ሊትማን የተመራው የጀርመን ጉዞ የሠራቸውን የሐውልቶች ሥዕሎች ቀድተን ይዘን ነበር፤ ሥራው በ1913 የታተመ ሲሆን የሕንፃ ሥዕሎቹ በአርክቴክቱ በዳንኤል ክሬንከር የተዘጋጁ ናቸው። የክሬንከር ጉዞ እስከ ደብረ ዳሞ ደርሷል፤ ምክንያቱም እንጨትና ድንጋይ የተቀናጁበት ያ ጥንታዊ አሠራር በደብረ ዳሞ ቤተ ክርስቲያን ላይ አሁንም ቆሞ ስለሚታይ ነው። እኛ ወደዚያ አልሄድንም። በገመድ የሚወጣው አምባ ለሴቶች የተከለከለ በመሆኑ፣ ከክፍሉ ግማሹን ከታች ትተን ግማሹን ማስተማር አልወደድንም፤ ሁሉም በፎቶግራፍ አዩት።

ደግሞም ራሳችንን አናሞግስ። ያለ አስጎብኚ ስንዞር ከሐውልቶቹ ሥር ያሉትን መቃብሮች ሳናይ ልናልፍ ነበር። ታላቁ ሐውልት ሲወድቅ የመታውን፣ ክዳኑ ብቻ 360 ቶን ያህል የሚመዝነውን ነፋስ ማውጫን ተራ ዓለት መስሎን ተቀምጠንበት ምሳችንን በልተናል! ይህን ያስነቃን ማንም ሳይሆን የቀድሞው ዓመት አስጎብኚያችን ናቸው። ሌላ እንግዳ ይዘው ሲያልፉ፣ ጫማዋን አውልቃ የነበረችው ልጅ ለጓደኞችዋ ስለ እንጨቶቹ ጫፍ ስታስረዳ ሰምተው ቆሙ። እንግዳውን ሸኝተው ሲመለሱ የክሬንከርን ሥዕል ቅጂ እንድንሰጣቸው ጠየቁ፤ ሰጠናቸው። እሳቸውም «የተቀመጣችሁበትን ታውቁታላችሁ?» ብለው አስነሡን፤ በ1974 የኔቪል ቺቲክ ቡድን ወዳገኘው የጡብ ቅስቶች መቃብርም ይዘውን ሄዱ። ከዚያ ፊቱ ላይ በር ወደ ተቀረጸበት ሌላ መቃብር ወሰዱን። ልጅቷ እንደ ሐውልቱ በር የማይከፈት መሆኑን ለማረጋገጥ በመዳፏ ገፋ አደረገችው፤ እሳቸውም ሳቁ።